አሮጌው ሰርቨር ከመዘጋቱ በፊት

ጥር 8

ለውድ አማቼ፣

ጤናህ እንዴት ነው? ልጆቹስ? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ፤ ጉልበቴ ብቻ ደረጃ ስወጣ ይቆጣኛል። ሁለት ወር ሙሉ ዝም በማለቴ ይቅር በለኝ። «ይደውሉልኝ» ብለህ ነበር። አልደውልም። በስልክ ስናወራ ሁለታችንም እንጮኻለን፣ ከዚያ አንዳችን ይዘጋል። ወረቀት ላይ ግን ባትወድም እስከ መጨረሻው ትሰማኛለህ።

የእህትህን አዲስ ድረ ገጽ እንዴት እንዳገኘሁት ጠይቀኸኛል። እሺ፣ ልንገርህ። ገና ሳልገባ አንድ ሳጥን ፊቴ ላይ ዘሎ «ይስማማሉ?» አለኝ። በምኑ ነው የምስማማው? ገና ደጅ ነኝ እኮ። ተስማማሁ። ሁለተኛው ሳጥን መጣና «ኢሜይልዎን ይስጡን» አለኝ። እሱን ልዘጋ ብል የመዝጊያዋ ምልክት ከቅማል ታንሳለች፤ መነጽሬን ሁለት ጊዜ ጠረግሁ። ሦስተኛው ከታች ጥግ ላይ ብቅ ብሎ «ምን ልርዳዎት?» አለ። ከፊቴ ዞር በልልኝ፣ ሌላ ምን ትረዳኛለህ!

ከዚያ ያቺ ሴትዮ። ማን ናት? ጥርሷን ገልጣ መቀስ ይዛ የምትስቀው? መቀሱን የያዘችው እንደ ማንኪያ ነው። እህትህ በሠላሳ ዓመት ውስጥ አንድም ቀን መቀስ ይዛ ስቃ አታውቅም። ጨርቅ ስትቆርጥ ትንፋሿን እንኳ ትይዝ ነበር።

እኔ መጽሐፍ ጠራዥ ነኝ። ትምህርቴ ስምንተኛ ክፍል ላይ ቀርቷል፤ ግን አርባ ዓመት ሙሉ ገጽ አጥፌአለሁ፣ ገጽ ሰፍቼአለሁ። ገጽ ምን እንደሆነ ማንም አይነግረኝም። እህትህ የሠራችው ገጽ ነበር። ቀጥ ላላለ ሰውነት ልብስ እንዴት እንደሚቆረጥ ነው የጻፈችው፦ አንድ ትከሻው ዝቅ ላለ፣ ጀርባው ለጎበጠ፣ አንድ እግሩ ላጠረ። ልብስ ሰፊ ሁሉ ለቀጥ ያለ ሰው ይሰፋል፤ እሷ የምትሰፋው ለቀረነው ነበር። የገጽ መሥሪያ ምልክቶቹን ያስተማርካት አንተ ነህ፤ ርዕስ ሲሆን በእንዲህ ያለ ምልክት ክፈቺ፣ አንቀጽ ሲያልቅ በእንዲህ ያለ ዝጊ ብለህ። ነጭ ላይ ጥቁር ጽሑፍ፣ ከሥራቸው ሰማያዊ መስመር ያለባቸው ጥቂት ቃላት፣ በቃ። አሁን ያንን ከሦስት ሳጥንና ከአንዲት ሳቂታ ሥር ቀበርከው። ከሁለት ዓመት በፊት አንድ ጊዜ ቀብረናት ነበር፤ አይበቃም?

የድሮ ገጿ ያለበት አሮጌው ማሽን ሚያዝያ 30 ስለሚዘጋ ምን ምን ይውጣ ላልከው፣ የአቆራረጡን ገጾች አንድ ሳታስቀር አውጣ። የእንግዶች መዝገብ የምትለውን ግን ተወው። አላፊ አግዳሚው የቸከቸከበት ነው፣ የመድኃኒት ማስታወቂያ ነው። ይሙት።

ልጆቹን ሳምልኝ።

አማችህ ጠራዡ


ጥር 26

ለጋሼ፣

ደብዳቤዎ ደርሶኛል። ስድቡም ደርሶኛል፤ አንድ ነገር አልጎደለም።

በቅድሚያ ስለ ሴትዮዋ። እኔም አላውቃትም። ለፈለገ ሁሉ የሚሰጥ ፎቶ ነው። ባለፈው ሳምንት አንድ የጥርስ ሐኪም ገጽ ላይ አየኋት፤ እዚያስ ሳቋ ቦታውን አግኝቷል።

«ለመሆኑ ገጹ የት ነው የሚቀመጠው?» እያሉ በስልክ ይጠይቁኝ ለነበረው ደግሞ፣ እንደሚገባኝ ላስረዳዎት። እርስዎ አድራሻውን ሲጽፉ የእርስዎ ኮምፒውተር በመስመር ሄዶ ሌላ ኮምፒውተር ይጠይቃል። እሱን ነው ሰርቨር የምንለው፤ ሥራው ሳይጠፋ ቁጭ ብሎ ለጠየቀው ሁሉ መላክ ነው። ብራውዘር የምንለው የእርስዎ ገጽ መክፈቻ ፕሮግራም የተላከለትን ምልክት እያነበበ ስክሪኑ ላይ ያሰናዳዋል። ስለዚህ የሚያዩት ሁልጊዜ ቅጂ ነው፤ ዋናው ሌላ ቦታ ነው ያለው።

እትዬ ስትጀምር አንድ ገጽ ማለት አንድ ፋይል ነበር። ያንን መገልበጥ ግማሽ ሰዓትም አልፈጀብኝ። በኋላ ቀለሙንና መልኩን ከጽሑፉ ለይተን ለብቻ ማስቀመጥ ጀመርን። ቀጥሎ ገጹ እንዲንቀሳቀስ ፕሮግራም ጨመርንበት። ከዚያ ገጽ አድርጎ ማስቀመጡ ራሱ ቀረ፤ አሁን ጽሑፉ ዳታቤዝ በሚባል መሳቢያ ውስጥ ተበታትኖ ይቀመጥና ሰው ሲጠይቅ በዚያች ቅጽበት ተሰብስቦ ገጽ ይሆናል። ከዚያ ሰው ሁሉ በስልክ ማየት ጀመረ፣ ሁሉን አፍርሰን እንደገና ሠራን። ሳጥኖቹን እኔም አልወዳቸውም ጋሼ። የሚወዳቸው ሰው አግኝቼ አላውቅም። ግን ሁሉም ያስገባቸዋል፣ እኔም አስገባኋቸው። ይኸው ተናዘዝኩ።

የእንግዶች መዝገቡ ግን ፋይል አይደለም። ከሃያ ዓመት በፊት በእጄ የጻፍኩት ፕሮግራም ነው፤ ጎብኚ የጻፈውን ተቀብሎ የራሱ መሳቢያ ውስጥ ያኖራል፣ ሲጠየቅ ያወጣል። የሚሠራው በዚያ አሮጌ ማሽን ላይ ብቻ ነው። ለሰው የሚያሳየው የመጨረሻዎቹን ሃያ መልእክቶች ነው፤ እነሱን ደግሞ ልክ እንዳሉት ማስታወቂያ ለጣፊ ማሽኖች ሞልተዋቸዋል። ከእነሱ በታች ግን ከአራት መቶ በላይ ሰው የገዛ ሰውነቱን መጠን ጽፎላት አንድ በአንድ መልሳለታለች። የአቆራረጡ ገጾች ትምህርት ናቸው፤ ሙያዋ ያለው መልሶቹ ውስጥ ነው። ማሽኑ ከተዘጋ ያ ሁሉ ሄደ ማለት ነው፤ ከየትም አይመለስም።

መሳቢያው የሚከፈተው በይለፍ ቃል ነው። እኔ ያወጣሁላትን ቀይራዋለች፤ አታምነኝም ነበር፣ ልክ ነበረች። አዲሱን ሰማያዊ ሽፋን ባለው ደብተሯ ላይ እንደጻፈችው ነግራኛለች። ደብተሩ እርስዎ ጋ ነው። እባክዎ ይፈልጉልኝ።

«ይሙት» ያሉት ግን ለምንድን ነው? እርስዎ የተቀደደ የልጆች ደብተር እንኳ የማይጥሉ ሰው።

ደብተሩን አደራ።

አማችዎ


የካቲት 13

ለውድ አማቼ፣

ሰላም ለአንተና ለቤትህ ይሁን። ትንሿ ልጅህ መታመሟን ሰማሁ፤ ትኩሳቷ እንዴት ሆነ? በጸሎቴ አስቤአታለሁ።

ማብራሪያህን አነበብኩት። ለሰው ልጅ ክብር ያለው ሰው እንዲህ ያለ ነገር ሠርቶ በኩራት አይጽፍም። ሲጠየቅ ብቻ የሚሰበሰብ ገጽ! ማንም ካልጠየቀው የለም ማለት ነው? እኔ የጠረዝኩት መጽሐፍ ማንም ባያነበው መደርደሪያ ላይ አቧራ ይጠጣል እንጂ አለ። ጎኑን ብትመታው ድምፅ ይሰጣል። የእናንተ ሥራ በየአምስት ዓመቱ የገዛ አባቱን የሚክድ ነው፤ ትናንት ፋይል፣ ዛሬ መሳቢያ፣ ነገ ደግሞ ምን እንደምትሉት እናንተም አታውቁትም። ሙያ ከአንዱ ወደ ሌላው ሲያልፍ ይሻሻላል ሲባል ነበር የሰማሁት። የእናንተው ይወፍራል እንጂ አይሻሻልም።

ስላላመንኩህ አዲሱን ገጽ ወረቀት ላይ ላወጣው ፎቶ ኮፒ ቤት ሄድኩ። ልጅቷን ታውቃታለህ፤ ሁልጊዜ ማስቲካ የምታኝከው፣ ከሱቄ ሦስት በር አልፎ።

«አባባ፣ ሙሉውን ላትመው?»

«ሙሉውን።»

«ወረቀት ይበላል።»

«አንድ ገጽ አይደለም እንዴ? ገጽ ነው የሚባለው።»

ሳቀችብኝ። «አባባ፣ የኢንተርኔት ገጽ እኮ ወለል የለውም። እስኪሰለችዎ ድረስ ይወርዳል።»

«አንቺ ዝም ብለሽ አትሚ። ሲሰለቸኝ እነግርሻለሁ።»

ሠላሳ አንድ ወረቀት ወጣ። የእህትህ ቃል ያለበት አራቱ ላይ ነው። ያቺ ሴትዮ ስድስት ጊዜ ሳቀች። አምስቱ ወረቀት ባዶ ነው፤ ባዶ ስልህ ምንም የለበትም፣ ቁጥር እንኳ። ሁለቱ ላይ «ይህን ያነበቡ ሰዎች ይህንንም ወደዱ» ይላል፣ ከሥሩም የበረዶ ጫማ። የበረዶ ጫማና የጎበጠ ጀርባ ምን አገናኛቸው?

«የቀረውን ልጣለው?» አለችኝ።

«አንቺ ጋ ይቀመጥ፤ ማስቲካሽን ጠቅልዪበት» አልኳት። እሷም ደግ ናት፣ አልተቀየመችኝም።

አራቱን ወረቀት ይዤ ገባሁ፤ አጠፍኳቸው፣ በክር ሰፋኋቸው፣ ጀርባቸውን ሙጫ ቀባሁ። አራት ወረቀት ስለሆነ ጥራዙ አይቆምም፤ መደርደሪያው ላይ ሳቆመው ተኛብኝ።

ደብተሩን አላገኘሁትም።

አማችህ ጠራዡ


የካቲት 29

ለጋሼ፣

ትንሿ ድናለች፤ ስለ ጸሎትዎ አመሰግናለሁ።

ጋሼ፣ እርስዎ ሲዋሹ ያሳጥራሉ። ስለ ፎቶ ኮፒዋ ልጅ ማስቲካ ሳይቀር ጻፉልኝ፤ ስለ ደብተሩ ሁለት ቃል። የትኛው መሳቢያ እንደፈተሹ፣ ማንን እንደጠየቁ፣ አቧራው እንዴት እንዳስነጠሰዎት አልነገሩኝም። ንቀትዎን ለምጄዋለሁ፣ እንዲያውም ደስ ይለኛል፤ ውሸትዎን ግን አልለመድኩትም።

አንድ ነገር ልንገርዎት፣ ከዚያ ዝም እላለሁ። በአዲሱ ገጽ በኩል አንዲት እናት ጽፋልኛለች። የእትዬን መሞት አልሰማችም። ልጇ ጀርባዋ ወደ አንድ ጎን የታጠፈ ነው። የዘጠኝ ዓመት ልጅ ሳለች እትዬ መዝገቡ ላይ መጠኗን ተቀብላ ቀሚሷ እንዴት እንደሚቆረጥ፣ ልጅቷ ስታድግና ጀርባዋ ሲለወጥ ደግሞ ስፌቱ በየዓመቱ የት የት እንደሚለቀቅ ጽፋላት ነበር። ሴትየዋ የገለበጠችበትን ወረቀት ቤት ስትቀይር አጥታዋለች። ልጅቷ አሁን አሥራ አምስት ሞላት። «ትምህርት ቤት የምትሄደው በፎጣ ተሸፍና ነው፤ እባክዎ ያኔ የነገሩኝን እንደገና ይንገሩኝ» ትላለች። ደብዳቤው የተጻፈው ለእትዬ ነው። ምን ብዬ ልመልስላት?

መልሱ መሳቢያው ውስጥ ነው። ማሽኑ ሊዘጋ ሁለት ወር ቀረው።

አማችዎ


መጋቢት 20

ለውድ አማቼ፣

ባለፈው የጻፍኩልህን ቅደደው። «የእህትህን ሬሳ በየኢንተርኔቱ እያዞርክ ታሳያለህ» ማለቴን እግዚአብሔር ይቅር ይበለኝ፤ አንተም ይቅር በለኝ። መልስህ አጭር ነበር፤ «ምን አስፈርቶዎት ነው?» ብቻ። ሳምንት ሙሉ ኪሴ ውስጥ ይዤው ዞርኩ። አሁን ልመልስልህ።

ደብተሩ እኔ ጋ ነው። ከቀብሯ ማግሥት ጀምሮ በመጥረዣ ጠረጴዛዬ መሳቢያ ውስጥ፣ ከወስፌዎቹ ሥር ነው ያለው። ሳልፈልገው ያገኘሁት ነገር ነው።

ያን ጊዜ እንዴት እንደነበረ ታስታውሳለህ። የእኔ ሱቅና የእሷ ሱቅ ጎን ለጎን፣ በመካከላቸው ጠባቧ ክፍል፣ እዚያች ውስጥ አንተ ያመጣህላት ኮምፒውተር። ከሰዓት በኋላ ሥራዋን ስትጨርስ እዚያ ትቀመጣለች፤ የቁልፎቹን ድምፅ በግድግዳው በኩል እሰማለሁ። ሰው ከሩቅ ሰፈር እየመጣ በእኔ በር ላይ ይቆምና «የድረ ገጿ ባለሙያ ሱቅ የትኛው ነው?» ይለኛል። አርባ ዓመት በዚያ በር ላይ ቆሜ «የጠራዡ ሱቅ የትኛው ነው?» ብሎ የጠየቀ ሰው አላጋጠመኝም። በአገጬ ወደ ጎን አሳያለሁ።

ንቄው ነበር። ንቀት ነው ብዬ ነበር የማስበው። ሰው በኮምፒውተር መስታወት ፊት ተቀምጦ ከማያውቀው ጋር ሲያወራ ማየት ለእኔ ስንፍና ነበር፤ ሥራ ማለት እጅ ላይ የሚቀር ነው። እንዲህ እያልኩ ራሴን ከፍ አድርጌ፣ በጸሎትም ስቆም «ጌታ ሆይ፣ እኔ ቢያንስ ሐቀኛ ሥራ እሠራለሁ» እል ነበር። አሁን ሳስበው ያ ጸሎት አልነበረም። ራሴን ሳደንቅ ሰማይ ይሰማኝ ይመስለኝ ነበር።

አንድ ረፋድ እሷ የልብስ ልክ ልትወስድ ደንበኛ ቤት ሄዳለች። ጠባቧ ክፍል ገባሁ። መዝገቡ ተከፍቷል። «ስም» በሚለው ቦታ ላይ «መንገደኛ» ብዬ ጻፍኩ። ከሥሩ የጻፍኩትን መድገም አልችልም፤ የሚያቆስል ነገር ነው። የእሷን ስፌት የማያውቅ ሰው እንኳ የማይለው። አንድ ጊዜ ቢሆን ስህተት ይባላል። ሦስት ጊዜ ጻፍኩ፤ በሳምንት ውስጥ፣ እሷ በሌለችበት። የመለሰችውን አላነበብኩም። ገልጬ ለማየት አንድም ቀን አልደፈርኩም። ያን ሳምንት ፊቷን እያየሁ ምግብ በላሁ፤ ፊቷ ላይ ምንም አላየሁም። «አልጎዳት፣ አላየችው ይሆናል» ብዬ ተጽናናሁ፤ ደግሞ ሳይጎዳት በመቅረቱ ተናደድኩ። ይህን ለአንተ ስጽፍ ራሴን የምጸየፍበት ቃል አጣሁ። ሌላውን ሰው ሁሉ የምሰድብበት ቃል ግን ሞልቶልኛል፤ አንተ ታውቃለህ።

ከሞተች በኋላ በንስሐዬ ሁሉን ተናግሬአለሁ ብዬ ነበር። ይህችን ግን «ትንሽ ናት» ብዬ አለፍኳት። ትንሽ ከሆነች ለምን ደብተሩን ደበቅሁት?

የይለፍ ቃሉ ከዚህ ጋር በተያያዘው ወረቀት ላይ አለ። አውጣ፤ ሁሉን አውጣ። ለዚያች ልጅ እናት ዛሬውኑ ላክላት። አንድ ነገር ብቻ እለምንሃለሁ፤ ከዚህ በፊት ለምኜህ አላውቅም። «መንገደኛ» የሚለውን ሦስቱን ከማንም በፊት አንተ አግኛቸውና አጥፋቸው። አታንብባቸው። ልጆችህ አንድ ቀን አንብበው «ይህ ማን ነው?» እንዳይሉህ።

አማችህ


ሚያዝያ 5

ለጋሼ፣

ተከፈተ። አራት መቶ አሥራ ሰባት ጥያቄና መልስ ወጥቷል፣ ሦስት ቦታ ገልብጬ አስቀምጬዋለሁ። ለልጅቷ እናት በዚያኑ ቀን ላክሁላት። «ጨርቁን ገዝቻለሁ» ብላ መልሳልኛለች።

አታንብባቸው ብለውኝ ነበር። አነበብኳቸው። ይቆጡኝ። ቢሆንም ሳላሳውቅዎት ማጥፋት አልቻልኩም፤ ምክንያቱን ልንገርዎት።

ፕሮግራሙን ስጽፍ አንድ ነገር አስገብቼበት ነበር። እያንዳንዱ መልእክት ሲደርስ ከጽሑፉ ጋር ቀኑ፣ ሰዓቱና የመጣበት መስመር ቁጥር ይመዘገባል። ጎብኚ አያየውም፤ የገጹ ባለቤት ግን ታየዋለች። መልስ ልትሰጥ ስትከፍተው ቁጥሩ ከስሙ ጎን ይቀመጥላታል። «መንገደኛ» የጻፋቸው ሦስቱ ቁጥርና የእሷ መልሶች ሁሉ ቁጥር አንድ ነው፤ ከሱቃችሁ የሚወጣው መስመር። ልዩነቱ ሰዓቱ ብቻ ነው፤ የእርስዎ ረፋድ፣ የእሷ ከሰዓት በኋላ። እርስዎ ስም ቀየሩ እንጂ ቤት አልቀየሩም።

ከመጀመሪያው ቀን አውቃለች፣ ጋሼ። ለእኔም ትንፍሽ አላለችም። አንዲት ቁልፍ ተጭና ልታጠፋው ትችል ነበር፤ ማስታወቂያዎቹን ስታጠፋ ኖራለች። እነዚህን ግን ትታቸዋለች። እንዳለ ገልብጬልዎታለሁ፦

«መንገደኛ፦ ወይዘሮ፣ ልብስ ከእጅ ይማሩታል እንጂ ከመስታወት አይማሩትም። ሥራ ፈት ሰብስቦ ማውራት ሙያ ከሆነ ሰፈሩ ሁሉ ልብስ ሰፊ ነው።»

«መልስ፦ እንኳን ደህና መጡ። ከእጅ መማር እንደሚበልጥ እኔም አውቃለሁ፤ አጠገቡ የሚያስተምረው እጅ የሌለው ግን ምን ያድርግ? መጠንዎን አልጻፉልኝም፤ ልገምት። ቀኑን ሙሉ ጠረጴዛ ላይ ጎንበስ ብሎ በቀኝ እጁ ወደ ታች የሚጫን ሰው ቀኝ ትከሻው በአንድ ጣት ዝቅ ይላል። ኮትዎ አንገትዎን የሚይዝዎ ለዚያ ነው። የቀኙን ትከሻ ስፌት በአንድ ጣት ዝቅ አድርገው ያስቆርጡት። ስፖንጅ አያስሞሉበት፤ ስፖንጅ ሰውን ቀጥ ያለ ያስመስላል እንጂ አያሳርፍም።»

«መንገደኛ፦ እንዲህ ያለው ገጽ ነገ ይጠፋል። የሚቀረው ወረቀት ነው።»

«መልስ፦ ሊጠፋ ይችላል። እስኪጠፋ የጠየቀኝ ይለብሳል።»

«መንገደኛ፦ ባልሽ ይህን ሁሉ እያየ ዝም አለ?»

«መልስ፦ ዝም አላለም። ይጽፋል።»

የ«መንገደኛ»ን ሦስቱን ላጥፋ ወይስ ይቆዩ? እርስዎ ያሉትን አደርጋለሁ። ማሽኑ እስኪዘጋ ሃያ አምስት ቀን አለ፤ መዝገቡም እስከዚያው ክፍት ነው።

አማችዎ


ሚያዝያ 21

ለውድ አማቼ፣

ሰላምታዬ ይድረስህ። ምነው ዘገዩ ብለህ ይሆናል፤ በሰው ፊት ደብዳቤ ማንበብ ስላልቻልኩ ሱቄን ለሁለት ቀን ዘግቼ ነበር።

አታጥፋ። አንድም ፊደል አትንካ። የመንገደኛው ቃል ከላይ ከተነሣ የእሷ መልስ ብቻዋን ከግድግዳ ጋር የምታወራ ያስመስላታል። ስድቡ ይቆይ። ማንም ያነበበ «ምን ዓይነት ባለጌ ነው?» ይበል፤ ልጆችህም ይበሉ። ስንቱን እየናቅሁ የኖርኩ ሰው ነኝ፤ የአንተን ሙያ፣ ያቺን ሳቂታ፣ የፎቶ ኮፒዋን ልጅ ማስቲካ፣ የጎረቤቴን አካሄድ። አሁን እኔም ልቅመሰው። ከዚህ በላይ የተገባ ንቀት አላውቅም።

በዚያው ዓመት ኮት ሰፍታልኝ ነበር፤ ግራጫውን። ለመጀመሪያ ጊዜ አንገቴን የማይዘኝ ኮት። «ጨርቁ ጥሩ ነው» አልኳት። ጨርቁ! እሷም «አዎ፣ ጨርቁ ጥሩ ነው» አለች። ይህን አስቤ ጸሎት ልቆም ብል ቃል አልወጣልኝም፤ ቆሜ ብቻ ዋልኩ። ምናልባት እግዚአብሔር ሰምቶኝ የሚያውቀው ያን ቀን ብቻ ይሆናል።

መዝገቡ ክፍት ነው ካልከኝ ወዲህ እረፍት አጣሁ። ዛሬ ከምሳ በፊት ፎቶ ኮፒ ቤት ሄድኩ።

«አባባ፣ ዛሬ ደግሞ ስንት ወረቀት ልናባክን ነው?» አለችኝ።

«ዛሬ አላትምም። ልጽፍ ነው።»

«ለማን?»

«አንቺ አድራሻውን ክፈቺልኝ፤ ጥያቄሽን ለሌላ ደንበኛ አስቀምጪው።»

ከፈተችልኝ። ያ አሮጌው ገጽ መጣ። ምንም አልዘለለም፣ ምንም አልጠየቀኝም፤ ነጭ ላይ ጥቁር። «ስም» ይላል። «ባሏ፣ ጠራዡ» ብዬ ጻፍኩ። ቁልፎቹን አንድ በአንድ ስፈልግ ልጅቷ «ላግዝዎት?» አለች፤ እምቢ አልኩ። «መልእክት» በሚለው ውስጥ እንዲህ አልኩ፦ «መንገደኛ እያልኩ የጻፍኩት እኔ ነኝ። አንቺ ታውቂ ነበር፤ እኔ ግን እንደምታውቂ አላውቅም ነበር። በሙያሽ ቀናሁ፤ ቅናቴን ንቀት ብዬ ጠራሁት። ይቅር በዪኝ።» ሌላ ብዙ ነገር ነበረኝ፤ ጣቴ ዘገየ፣ ወገቤም አመመኝ።

«ላክ» የሚለውን ተጫንኩ። ስክሪኑ ነጣና አንድ መስመር ብቻ ወጣበት፦

«መልእክትዎ ደርሷል። የገጹ ባለቤት አንብባ በሁለት ቀን ውስጥ ትመልስልዎታለች።»

ማሽኑ ለሁሉም የሚለው እንደሆነ አውቃለሁ። ከሃያ ዓመት በፊት እንዲህ በል ብለህ የጻፍክበት አንተ ነህ፤ ላኪው ሰው ይሁን ማስታወቂያ ለጣፊ አይለይም። ሌላ ቀን ቢሆን ስለ ማሽን ውሸት አራት ገጽ እጽፍልህ ነበር።

ልጅቷ በትከሻዬ በኩል አየች። «አባባ፣ ከጨረሱ ልዝጋው? ሰው እየጠበቀ ነው።»

«ትንሽ ቆዪኝ» አልኳት።

አማችህ